ከመርከቧ ሥር የገባው እጅ

ትናንት ከሰዓት በኋላ ቺፍ በርሄ እጃቸውን ከመርከቧ ሥር አስገቡ። ዐይናቸውን ጨፍነው ነበር። ወርክሾፑ ውስጥ ያለነው ሁሉ ሥራ አቁመናል፤ ቦርድ የሚቆርጠው ሌዘር ራሱ ጠፍቷል። ቆዩ፣ ቆዩና፣ "እሷ ናት" አሉ።

በቃ፣ ዜናው ይኸው ነው። ከቂርቆስ ላንቻ ድረስ በእግሬ ሄድኩ፤ ታክሲ ውስጥ ዝም ብዬ መቀመጥ የምችል አልመሰለኝም። ቤት ገብቼ እናቴን "እሷ ናት አሉኝ!" ብላት "ማን ናት?" አለችኝ። ማስረዳት ጀመርኩ። እራት ቀረበ፣ እራት ተነሣ፣ እኔ ገና መሐሉ ላይ ነበርኩ። "ሃያትዬ፣ ለምን አትጽፊውም?" አለች። መላ ልትሰጠኝ ይሁን ልትገላገለኝ አላወቅሁም። ጻፍኩት። በማኬት ሥራ ላይ ላላችሁ፣ ልትገቡበት ለምታስቡ እኩዮቼም ነው።

ሥራ የጀመርኩት የዛሬ ሁለት ዓመት፣ አሥረኛ ክፍልን በጨረስኩበት ክረምት ነው። ወርክሾፓችን ያኔ ካዛንቺስ፣ የአንድ አሮጌ ፎቅ ሦስተኛ ወለል ላይ ነበር። ባለቤቱ ጋሽ ወንዴ የአባቴ ደንበኛ ነው። "አንቱ አትበሉኝ፣ ሳልደርስ ታስረጁኛላችሁ" ስለሚል ሁላችንም አንተ እንለዋለን። አባቴ ላንቻ ካለው የጫማ ሱቁ በር ላይ ቆሞ "ይቺ ልጅ እጇ አያርፍም። የጫማ ካርቶኑን ሁሉ ቤት እየሠራችበት ጨረሰችው" አለው። ጋሽ ወንዴ ካርቶኖቹን አገላብጦ አየና "ሰኞ ትምጣ" አለ።

ማኬት፣ ለማያውቅ፣ ገና ያልተሠራ ሕንፃ በትንሹ ተሠርቶ የሚታይበት ነው። ሪል ስቴት ቢሮ ስትገቡ በመስታወት ተከድኖ፣ መብራት በርቶለት፣ መኪናው ጥፍር አክሎ የምታዩት እሱ ነው።

በመጀመሪያው ቀን ጋሽ ወንዴ አንድ ትልቅ ስፖንጅ አሸከመኝና "ዛፍ ሥሪ" አለኝ። መቀስ ፈለግሁ። "በመቀስ የተቆረጠ ዛፍ ጎመን ይመስላል። በእጅሽ ቦጭቂው" አለ። ቦጨቅሁት። አረንጓዴ ቀለም ውስጥ ነከርኩት፣ ጨመቅሁት፣ ጋዜጣ ላይ አሰጣሁት፤ ሲደርቅ ቀጭን ሽቦ ጠምዝዤ ግንድ አደረግሁለት። አሥራ አንድ ሰዓት ሲሆን እጄ እስከ ክርኔ አረንጓዴ ነበር። ሌዘሩ ላይ የሚሠራው ሚኪ አየኝና "ችግኝ ጣቢያ ከፈትን በሉኛ!" አለ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ስሜ ችግኝ ሆኖ ቀረ።

በወርክሾፓችን ማዕረግ አለ፤ የትም ባይጻፍም። ታች ዛፍ ሠሪ ነው። ቀጥሎ መሬት የሚሠራ፣ ማለቴ መንገዱን፣ ሣሩን፣ አጥሩን። ከዚያ መስኮት ለጣፊ። ከዚያ ገጣጣሚ። ከሁሉ በላይ ብርሃን የሚገባበት፣ መስኮቱ ሥር ያለው ጠረጴዛ ነው። እዚያ የሚቀመጥ ሰው አንድን ሥራ ከስዕሉ ጀምሮ መስታወቱ እስኪከደን ብቻውን ይይዛል። ጠረጴዛው ባዶ ነበር፤ የነበረችበት ልጅ አግብታ አዳማ ሄዳለች። እኔ ስፖንጅ እየቦጨቅሁ እሱን ነበር የማየው።

ጋሽ ወንዴ ብዙ ነገር አስተምሮኛል። ካተር ሲደነዝዝ ምላጩን ስበሪው እንጂ ኃይል አትጨምሪበት። ሙጫ ከመቀባትሽ በፊት ደረቁን ገጥመሽ እዪው። በክረምት ስፕሬይ አትቸኩዪ፤ አየሩ እርጥብ ሲሆን ቀለሙ ጉም ለብሶ ይደርቃል። አንድ ሌላም አባባል አለው፣ ጊዜ ሲያጥረን ሁላችንም የምንለው፦ "ከሥር ማን ያያል?" ሕንፃው ኮምፔንሳቶ ላይ ተለጥፎ ይቀራል፤ ገልብጦ የሚያየው የለም። ስለዚህ ከሥር ያለው ሻካራ ቢሆን፣ ሙጫው ቢዝረከረክ፣ ምንም አይደል። ለሕንፃ እውነቱን ነው።

በሁለተኛው ዓመቴ ካዛንቺስ መፍረስ ጀመረ። በመስኮቱ ስናይ አሮጌዎቹ ቤቶች ይነሣሉ፤ በጠረጴዛችን ላይ ደግሞ ወደፊት የሚመጡት ፎቆች ይቆማሉ። አንድ ቀን ሚኪን "የፈረሰ ቤት ማኬት የሚያሠራ ሰው የለም?" ብለው "ትናንትን ማን ያዛል ችግኝ?" አለኝ። የኛም ፎቅ ተራው ደረሰ። ሌዘሩን በብርድ ልብስ ጠቅልለን፣ ጠረጴዛዎቹን አይሱዙ ላይ ጭነን፣ ከኦሎምፒያ ወደ ቂርቆስ ወረድ ሲባል ያለ ሌላ ፎቅ ላይ ገባን። እዚያም ሦስተኛ ወለል ነው፤ እዚያም መስኮቱ ሥር አንድ ጠረጴዛ ባዶ ቀረ።

ቺፍ በርሄ የመጡት በዚህ ክረምት፣ ሐምሌ ላይ፣ ዝናብ እየዘነበ ነው። ረጅም ናቸው፤ ነጭ ዱላ ይዘዋል። በሩ ላይ ቆመው ካፖርታቸውን አራገፉና "መርከብ ትሠራላችሁ?" አሉ።

ሚኪ ቀና ብሎ "አባባ፣ ባሕሩን ይዘው ከመጡ!" አለ።

"ባሕሩን እዚያው ትቼው ነው የመጣሁት" አሉ። "ለሻንጣ አይመችም።"

ሚኪ ሳቀም፣ አፈረም። ወንበር አመጣላቸው።

ቺፍ በርሄ "ሉሉ" በምትባል ፈጣን የመንገደኞች መርከብ ላይ ዋና ኢንጂነር ነበሩ። መርከብ ላይ ዋናውን ኢንጂነር ቺፍ ነው የሚሉት። ሉሉ ከተሠራች ቀን ጀምሮ እስከ ተቆራረጠችበት ቀን አሥራ አራት ዓመት በቀይ ባሕር ሰሜን ጫፍ፣ በሁለት ወደቦች መካከል ስትመላለስ እሳቸው ከውስጧ አልወጡም። የወደቦቹን ስም ጠርተው አያውቁም። "ወዲህ" እና "ወዲያ" ነው የሚሏቸው።

ዐይናቸው መሐል መሐሉ ጠፍቷል፤ ዳር ዳሩን ብቻ ያያሉ። ሲያናግሯችሁ ጆሯችሁን የሚያዩ ነው የሚመስለው። አንድ ፎቶና ሁለት የታጠፈ ስዕል አወጡ። "ይሄ ለናንተ ነው፤ ለኔ ጭጋግ ነው። ከአዲስ ዓመት በፊት ቤቱን ለቅቄ ሐዋሳ ልጄ ጋ ልገባ ነው። ይቺን ይዤ መሄድ እፈልጋለሁ። በእጄ ላያት።"

"በእጄ ላያት" ነው ያሉት። ሰምቻለሁ። ሰምቼ ግን ምን ማለት እንደሆነ አልጠየቅሁም።

ጋሽ ወንዴ ሁላችንንም አየ። ሦስት የሪል ስቴት ሥራ ተደራርቦብን ነበር፤ ሚኪም ሌሎቹም እጃቸው ሞልቷል። እጄን እንደ ክፍል ውስጥ አወጣሁ። ሚኪ "መርከብ ላይ ዛፍ አይበቅልም እኮ" አለ። ጋሽ ወንዴ ግን ጥቂት አሰበና "እዚያ ተቀመጪ" አለኝ፤ መስኮቱ ሥር ወዳለው ጠረጴዛ እያሳየኝ። "ለጊዜው ነው። ሰውየው እሷ ናት ካሉ ጠረጴዛው ያንቺ ነው። ካላሉ፣ ስፖንጁ የትም አይሄድም።"

ቺፍ በርሄ ሲወጡ ደረጃው ጋ ደርሰው ዞር አሉ። ፊታቸውን ወደኛ፣ ጀርባቸውን ወደ ታች አድርገው፣ በሁለት እጃቸው መደገፊያውን ይዘው ወደ ኋላ ወረዱ። ሚኪ "ሪቨርስ ገቡ" አለ በሹክሹክታ። ሳቅን።

ሦስት ሳምንት ሠራሁ። ስኬሉ አንድ ለሃምሳ፤ ርዝመቷ ሰማንያ አራት ሴንቲ ሜትር። ግድግዳዋን ከፒቪሲ ቦርድ ቆረጥኩ፣ መስኮቶቿን ከጥቁር አክሪሊክ ፕላስቲክ። ስቱኮ ሞላሁ፣ በብርጭቆ ወረቀት እስክትለሰልስ አሸሁ፣ ነጭ ስፕሬይ ሦስት ጊዜ ቀባሁ። ለባሕር ሰማያዊ አክሪሊክ ዘረጋሁና መርከቧን ከውኃው በላይ ያለውን ብቻ ሠርቼ ላዩ ላይ ለጠፍኳት፤ ሕንፃ መሬት ላይ እንደሚለጠፍ። ሉሉ ካታማራን ናት፤ ከሥሯ፣ ውኃው ውስጥ የሚገባ፣ አንድ ሳይሆን ሁለት ቀጫጭን ቀፎ ነው ያላት፣ መሐላቸው ክፍት። እኔ ክፍቱን በጥቁር ካርቶን ደፈንኩት። ከሥር ማን ያያል? በመጨረሻ ውበት ይኑራት ብዬ ሠላሳ ትንንሽ ሰዎች፣ ቀይ የለበሰ፣ ቢጫ የለበሰ፣ ላይኛው ወለል አጥር ጋ ደረደርኩ። ስጨርስ ፎቶ አንስቼ ለጓደኞቼ ሁሉ ላክሁ።

ቺፍ በርሄ መጡ። ጋሽ ወንዴ መስታወቱን አነሣላቸው። እጃቸውን ከላይ አሳረፉ። ጣሪያውን ዳሰሱ፣ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ልቤ ቀለል አለው። ከዚያ ጣታቸው ሰዎቹን አገኘ። ሁለቱ ወደቁ።

"እነዚህ ምንድን ናቸው?"

"መንገደኞች ናቸው ቺፍ።"

"ውጭ ቆመው?"

"አዎ፣ ባሕሩን እያዩ ነው።"

"ልጄ፣ ሉሉ በሰዓት ስድሳ አምስት ኪሎ ሜትር ነበር የምትሮጠው። እነዚህን ነፋስ ወስዷቸዋል። መንገደኛ ገብቶ ይቀመጣል፣ በሩ ይዘጋበታል፤ ልክ እንደ አውሮፕላን።" ከኋላዬ ሚኪ ሳቁን ሲያፍን ሰማሁት። ቺፍ ግን አልሳቁም። እጃቸውን በጎኗ ወደ ታች አወረዱ። ሰማያዊው አክሪሊክ ጋ ሲደርስ ቆመ። በዚህ ሞከሩ፣ በዚያ ሞከሩ። ጣታቸው ከሥር መግቢያ እየፈለገ ነበር።

"የቀረችውስ የት አለች?" አሉ።

"እ... የቀረው ውኃው ውስጥ ነው። አይታይም።"

"እኔስ የት የነበርኩ መሰለሽ?"

እጃቸው ሰማያዊው አክሪሊክ ላይ እንዳረፈ ነው።

"አሥራ አራት ዓመት ውኃው ውስጥ ነበርኩ። ሞተሮቹ እዚያ ናቸው። ከላይ ያለውን እኔም ብዙ አላውቀውም፤ ሳልፍ ብቻ ነው የማየው። አንቺ ሆቴሉን ነው የሠራሽልኝ።" አልተቆጡም፤ ቢቆጡ ይሻለኝ ነበር። አመሰገኑኝ፣ ካፖርታቸውን ለበሱ፣ ፊታቸውን ወደኛ አዙረው ወደ ኋላ ወረዱ። በዚያን ቀን የሳቀ የለም።

ጋሽ ወንዴ ማኬቷን ዞሮ አያት። "ከሥር እንቆርጥና ሁለት ነገር እንለጥፍባታለን። አይታወቅም" አለ።

"በእጃቸው ነው የሚያዩት" አልኩ። "ይታወቃል።" ጋሽ ወንዴን ስቃወመው የመጀመሪያዬ ነው።

"ታዲያ ምን ይሁን?"

"ላፍርሳት።"

"አሥራ ሁለት ቀን ነው ያለሽ። ሳሚት ያለው የሪል ስቴት ሥራ ሦስት መቶ ዛፍ ይፈልጋል።"

"ዛፉን ጠዋት፣ መርከቧን ከምሳ በኋላ።"

ትከሻውን ሰበቀ። እኔም ካተሬን አነሣሁና የሦስት ሳምንት ሥራዬን ከአክሪሊኩ ላይ ፈለቀቅኋት። ስትላቀቅ ያሰማችው ድምፅ አሁንም ጆሮዬ ውስጥ አለ።

በማግስቱ የቺፍ በርሄ ቤት ሄድኩ፣ ከቂርቆስ ቤተ ክርስቲያን ጀርባ። ግማሽ ዕቃቸው ታሽጓል። በሩ ላይ እንደቆምኩ "ቺፍ፣ የሞተሩ ክፍል ምን ይመስላል?" አልኳቸው። ሰላምታ እንኳ ረስቼ።

"ጫማዬን ላድርግ" አሉ።

ወርክሾፕ ስንደርስ መጀመሪያ ያደረጉት ወረቀት መጠየቅ አልነበረም። ሁለቱን የብረት መደርደሪያዎች ትይዩ አስቆሙን። "አቅርቡት። አቅርቡት። አሁንም። እዚያ ላይ!" መሐሉ ገባሁ፤ ሁለቱም ትከሻዬ ነካ።

"በጎን ሂጂ። መዞሪያ የለም። ሞተሩ በቀኝሽ ነው፣ እንዳይፈጅሽ። ግራ እጅሽን ወደ ላይ... ከፍ... መያዣው ብረት እዚያ ነው። መርከቧ ስትዘል እሱን ካልያዝሽ ጥርስሽን ትለቅሚያለሽ።" የውኃ ጆግ አስያዙኝ፣ በዘይት ፋንታ። ሚኪ መደርደሪያውን ጨብጦ "ማዕበል!" እያለ ያናውጠው ጀመር። ውኃው ፊቴ ላይ ፈሰሰ።

"ይሄ ማዕበል አይደለም" አሉ ቺፍ እየሳቁ። "ይሄ ወደብ ላይ ቆማ ነው።"

በየቀኑ ከምሳ በኋላ ማምጣትና መመለስ የኔ ሆነ። እሳቸው ያወራሉ፣ እኔ እቆርጣለሁ። ሉሉ በእያንዳንዱ ቀፎ አንዳንድ የሞተር ክፍል አላት፣ ከአንዱ ወደ ሌላው ግን የውስጥ መንገድ የለም። በግራ መሰላል ወርደው ዘይቱን ያያሉ፣ ሞተሩን ይዳስሳሉ፣ ይወጣሉ፣ በመንገደኞቹ ወንበር መሐል ያልፋሉ፣ በቀኝ ይወርዳሉ። "በቀን ስንት ጊዜ እንደሆነ ጉልበቴን ጠይቂው።" መሰላሉን ስሠራ "ወደሱ ዞረሽ ነው የምትወርጂው" አሉኝ። "ጀርባሽን ከሰጠሽው ይጥልሻል።" ካተሬን አስቀመጥኩ። ስለ ደረጃው የሳቅነው ሳቅ ትዝ ብሎኝ ሚኪን አየሁት። እሱም እያየኝ ነበር።

ሉሉ እንደ ማራገቢያ እየዞረ ውኃ የሚቀዝፍ ፕሮፔለር ከውጭ የላትም። ውኃውን ከሥሯ ስባ በኃይል ወደ ኋላ ትረጨዋለች። ችግሩ ውኃ ብቻ አይደለም የምትስበው፤ ፌስታልም፣ አረምም፣ ገመድም ትስባለች። በስድስተኛው ዓመት የዓሣ አጥማጅ ገመድ በግራ በኩል ገባባት። መርከቧ ተንቀጠቀጠች፣ ወደ ግራ ዞረች። ካፒቴኑ ደወለ። "ቺፍ፣ ግራው ምን ሆነ?" "እየታነቀ ነው፣ አቁመው።" በቀኙ ብቻ እየተጎተቱ ገቡ። ከውኃ አውጥተው ሲያዩአት፣ የግራው ቀፎ በመሐለኛው ክፍት በኩል ተሰንጥቋል። የፀጉር ያህል፤ ቀይ ቀለም ቀብተው ሲጠርጉት ነው የታየው። "አሉሚኒየም አይዝግም" አሉኝ። "ይሰነጠቃል እንጂ። ሳይነግርሽ።"

የሳህን ያህል የአሉሚኒየም ጥፍጥፍ በየዱበት። ከዚያ በኋላ ቺፍ በርሄ በየጠዋቱ፣ መንገደኛ ከመሳፈሩ በፊት፣ ግራው ክፍል ወርደው ያንን ቦታ ከውስጥ በአውራ ጣታቸው ያሹታል። አውራ ጣታቸውን ከሌባ ጣታቸው ጋር ፈተግ ያደርጉታል። ደረቅ ከሆነ ካፒቴኑን "ደረቅ ነው፣ እንሂድ" ይሉታል። በዓመት አንዴ ከውኃ ስትወጣ ደግሞ ከሥሯ ገብተው ከውጭ ይነኩታል።

"ረጥቦ ያውቃል?" አልኳቸው።

"አንድ ቀን።" መርከቧ ሞልታለች። ካፒቴኑ "ላብ ነው ቺፍ፣ ሙቀት ነው" አለ። የድርጅቱ ሥራ አስኪያጅ ከወደብ ደወለና "ሁለት መቶ ሰው አሳፍረን በጣትህ ምክንያት እናውርድ?" አለ። "ወርደህ በራስህ ጣት እየው" አሉት። አልወረደም። መንገደኞቹ ወረዱ። "ሁለት መቶ ሰው በአንድ ጠዋት ሰደበኝ። አንዷ እናት 'ልጄን ሳላይ አስቀረኸኝ፣ ባሕር ይብላህ' አለችኝ። ማታ ጥፍጥፉን ሲፈቱት ብየዳው በአንድ ጎን ለቋል። ያቺ ሴት ይሄን አታውቅም። እስከ ዛሬ ትረግመኝ ይሆናል። ትርገመኝ።"

በመጨረሻዎቹ ዓመታት ሉሉ ደከመች። ፍጥነቷ ቀነሰ፣ ባለቤቶቿ ሸጧት፣ ተቆራረጠች። "አሉሚኒየም ይቀልጣል እንጂ አይሞትም። ዛሬ የአንድ ፎቅ መስኮት ሆና ይሆናል" አሉኝ። በመስኮታችን ወደ ውጭ አየሁ። ዙሪያችን ያለው ሁሉ አሉሚኒየም ነው።

ያኔ አንድ ነገር ገባኝ። ማኬት ላይ ያረጀ ነገር የለም። ያልተወለደን ነገር ስለምንሠራ ሁሉም አዲስ ነው፤ ያልተሰነጠቀ፣ ያልተጠገነ፣ ማንም ያልዳሰሰው። እጃችን የተማረው ጉብታ ባየ ቁጥር በብርጭቆ ወረቀት ማጥፋት ነው። ሉሉ ግን ኖራ ነው የጨረሰችው።

ሁለቱን ቀፎ ሙሉ ሠራኋቸው፣ እስከ ታች። ሚኪ የውስጥ የጎድን አጥንቶቿን ሳልጠይቀው በምሳ ሰዓቱ ቆረጠልኝ። መግቢያ ክዳኖቿን፣ መሰላሎቿን፣ መያዣ ብረቶቿን ሠራሁ። ሰማያዊ ባሕር የለም፤ ሁለት መቆሚያ ላይ ከፍ አልኳት፣ እጅ ከሥሯ እንዲገባ። በመጨረሻው ቀን፣ ከግራው ቀፎ በመሐለኛው ክፍት በኩል፣ ከኋላ ሲቆጠር በአራተኛውና በአምስተኛው የጎድን አጥንት መካከል፣ ከቀጭን አሉሚኒየም የምስር ፍሬ የምታህል ጥፍጥፍ ለጠፍኩ። ለቺፍ አልነገርኳቸውም። ቦታው ልክ መሆኑን የማውቀው ከአፋቸው ሲወጣ በሰማሁት ብቻ ነው፤ ብሳሳት ደግሞ ሙሉ መርከቧ ውሸት ትሆናለች።

ጋሽ ወንዴ ሲፈትሻት ጣቱ እዚያ ቆመ። "ይሄን ብርጭቆ ወረቀት አልነካውም?"

"ተወው ጋሽ ወንዴ። የሷ ነው።"

ተወው።

ትናንት ዝናብ ነበር። ቀለሙ ጉም እንዳይለብስ ከጠዋት ጀምሮ በፀጉር ማድረቂያ ሳሞቃት ነው የዋልኩት። ቺፍ በርሄ መጡ፣ ዐይናቸውን ጨፈኑ። ከኋላ ጀመሩ። ውኃው የሚረጭበትን አፍ አገኙ። መግቢያውን አገኙ፤ ትንሹ ጣታቸው ገብታ መሰላሉን በእርከን በእርከን ወረደች። ከዚያ እጃቸው ከመርከቧ ሥር ገባ። ቀኙን ቀፎ ዳሰሱ፤ ለስላሳ ነው፣ አለፉ። ግራውን ያዙ። ወደ ፊት ሄዱ፣ ትንሽ ተመለሱ፣ ቆሙ።

"እሷ ናት።"

እናቴ የጠየቀችኝና እስከ እራት ማስረዳት ያቃተኝ ከዚህ በኋላ ያለው ነው። አውራ ጣታቸው እዚያች ምስር ላይ ወዲያና ወዲህ አለ። ከዚያ እጃቸውን አወጡ፣ አውራ ጣታቸውን ከሌባ ጣታቸው ጋር ፈተግ አደረጉት። ጆሮዬን እያዩ፣ ማለቴ እኔን እያዩ፣ "ደረቅ ነው" አሉኝ። "እንሂድ።"

ጋሽ ወንዴ የራሱን ካተር፣ ማንንም የማያስነካውን፣ አምጥቶ መስኮቱ ሥር ያለው ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠልኝ። ሚኪ "በቃ ዛፍ የሚሠራልን ጠፋ" ብሎ ሌዘሩን አበራ።

ከዚህ ሥራ የተማርኩት ይሄ ነው፦ አንድን ነገር ከመሥራታችሁ በፊት፣ እዚያ የሠራ ሰው እጁን የት ያሳርፍ እንደነበር ጠይቁት።

ቺፍ በርሄ እሑድ ሐዋሳ ይሄዳሉ። እስከ ቅዳሜ ሉሉ ጠረጴዛዬ ላይ ናት። መስታወት ልከድናት ስል "ተያት፣ ይንኳት" ብለዋል። ስለዚህ ኑ። ከኦሎምፒያ ወደ ቂርቆስ ስትወርዱ ማኬት ቤቱን ጠይቁ፣ ሦስተኛ ፎቅ። እጃችሁን ታጥባችሁ፣ ዐይናችሁን ጨፍናችሁ ከሥሯ አስገቡ። ግራውን ቀፎ ያዙና ከኋላ ጀምራችሁ ቀስ ብላችሁ ሂዱ። ካገኛችኋት፣ ደረቅ መሆኗን ንገሩኝ።